አብራሪው አብደል ለጢፍ ቦግዳዲና ሳይመረመር የቀረው ጥፋት

በአይሮፕላን ሙያ ውስጥ የቆየ ሰው ሁሉ አንድ ነገር ጠንቅቆ ያውቃል። አደጋ በደረሰ ጊዜ የመጀመሪያው ሥራ የሰው ነፍስ ማዳን፣ ሁለተኛው ሥራ ደግሞ የአደጋውን ምክንያት መመርመር ነው። ምርመራውን የማንም ሰው ማዕረግ ወይም ወዳጅነት ሊያዘነብለው አይገባም፤ ምክንያቱ ሳይታወቅ የታለፈ ጉድለት ሌላ ቀን ተመልሶ ይመጣልና። ይህ የሙያ ሕግ ለአንዲት አይሮፕላን ብቻ ሳይሆን ለአንድ ሙሉ አየር ኃይል፣ አልፎም ለአንድ መንግሥት እንደሚሠራ ከሚያስረዱት የሕይወት ታሪኮች አንዱ የግብፃዊው የአየር ኃይል መኮንን የአብደል ለጢፍ ቦግዳዲ ታሪክ ነው። ቦግዳዲ ከአብራሪነት ተነሥተው እስከ ምክትል ፕሬዚዳንትነት ደርሰዋል፤ ሥልጣናቸውንም በገዛ ፈቃዳቸው ትተዋል። በሕይወት ሳሉም የተነሡበት አየር ኃይል ሁለት ጊዜ በመሬት ላይ እንዳለ ሲወድም ተመልክተዋል። በዚህ ጽሑፍ ውስጥ የተጠቀሱት ዘመናት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ቦግዳዲ በሴፕቴምበር 20 ቀን 1917 በግብፅ የዓባይ ደልታ፣ በመንሱራ ከተማ አቅራቢያ ተወለዱ። ግብፅ በዚያን ጊዜ በእንግሊዝ ጥበቃ ሥር የነበረች ሲሆን በ1922 ነጻነቷ ቢታወጅም የእንግሊዝ ጦር ከአገሪቱ አልወጣም ነበር። አገሪቱ የራሷ የጦር አይሮፕላኖች የኖሯት በ1932 ነው፤ እነርሱም ከእንግሊዝ አገር በአየር ተጉዘው ካይሮ አጠገብ በሚገኘው በአልማዛ ያረፉት አምስት የጂፕሲ ሞዝ ቀላል አይሮፕላኖች ነበሩ። ከአምስት ዓመት በኋላ፣ በ1937፣ ይህ ትንሽ ክፍል ከእግረኛው ጦር ተለይቶ ራሱን የቻለ የንጉሣዊ አየር ኃይል ተባለ።

በ1936 ግብፅና እንግሊዝ ከተዋዋሉ በኋላ የግብፅ ጦር እንዲስፋፋ በመፈቀዱ፣ ቀድሞ ለባለጸጎችና ለመሳፍንት ልጆች ብቻ ይከፈት የነበረው የጦር ትምህርት ቤት ለመካከለኛው መደብ ልጆችም በሩን ከፈተ። ጋማል አብደል ናስር፣ አንዋር ሳዳት፣ አብደል ሐኪም አሜርና ሌሎችም ኋላ የአገሪቱን ታሪክ የለወጡ ወጣቶች ወደ መኮንንነት የመጡት በዚህ በር ነው። ቦግዳዲም ከጦር ትምህርት ቤት በ1938 ተመርቀው፣ የበረራ ትምህርታቸውን ጨርሰው ከአየር ኃይሉ የመጀመሪያ ትውልድ አብራሪዎች ጋር ተሰለፉ።

ይህ ትውልድ ያደገው በቅሬታ ነው። አይሮፕላኑ የእንግሊዝ፣ አስተማሪው እንግሊዛዊ፣ መለዋወጫውም በእንግሊዞች ፈቃድ የሚገኝ ነበር። ቅሬታው ወደ ቁጣ የተለወጠው በፌብሩዋሪ 4 ቀን 1942 ነው። በዚያ ምሽት የእንግሊዝ ታንኮች የአብዲንን ቤተ መንግሥት ከበቡና የእንግሊዝ አምባሳደር ንጉሥ ፋሩቅን ወይ የተባሉትን ጠቅላይ ሚኒስትር እንዲሾሙ፣ ወይ ዙፋናቸውን እንዲለቁ አስገደዷቸው። በአየር ኃይሉ ውስጥ ቦግዳዲ የነበሩበት የጥቂት ወጣት መኮንኖች የምሥጢር ቡድን እንግሊዝን ለማስወጣት ከማናቸውም ኃይል ጋር ለመተባበር አሰበ፤ በምዕራብ በረሃ ወደ ግብፅ እየገሰገሰ ከነበረው ከጀርመን ጦር ጋርም ለመገናኘት ሞከረ። ከጓደኞቻቸው አንዱ አይሮፕላን አስነሥቶ ወደ ጀርመኖች መሥመር ቢበርም ካሰበበት ሳይደርስ ቀረ። ይህ ሙከራ የወጣትነት ድፍረት የታየበትን ያህል የአስተሳሰብ ጉድለትም የታየበት ነበር፤ አንዱን ገዢ ለማባረር ከእርሱ የከፋውን መጥራት መድኃኒት አይሆንምና።

በ1948 ግብፅ ወደ ፍልስጥኤም ጦርነት ስትገባ ቦግዳዲ ከተዋጊ አብራሪዎች መካከል ነበሩ። አየር ኃይሉ በዚያ ጦርነት ያሳየው ጀግንነት ባይካድም፣ ለአንድ የአየር ጦር ከሁሉ በፊት የሚያስፈልገው መረጃና ዝግጅት ግን አልነበረውም። ጦርነቱ በተጀመረ በሳምንቱ የግብፅ ስፒትፋየር አይሮፕላኖች ራማት ዳዊድ የተባለውን የአየር ሜዳ ሲደበድቡ፣ ሜዳው ገና በእንግሊዞች እጅ መሆኑን አላወቁም ነበር፤ በዚህም ስሕተት አብራሪዎችና አይሮፕላኖች ጠፉ። ከጦር ሜዳ የተመለሱት ወጣት መኮንኖች የሽንፈቱን ምክንያት በጠላት ብርታት ብቻ ሊያስረዱ አልወደዱም። ጥፋቱ ካይሮ ውስጥ፣ በቤተ መንግሥቱና በሹማምንቱ ዘንድ መሆኑን አመኑ። የነጻ መኮንኖች ማኅበር የተጠናከረው በዚህ እምነት ላይ ነው። ቦግዳዲም ከጋማል ሳሌምና ከሐሰን ኢብራሂም ጋር በማኅበሩ አመራር ውስጥ የአየር ኃይሉን ወገን ወከሉ።

በጁላይ 23 ቀን 1952 ሌሊት ናስርና ጓደኞቻቸው የጦሩን ጠቅላይ መምሪያ ሲይዙ የአየር ሜዳዎቹም በእንቅስቃሴው እጅ ገቡ። ሲነጋ አይሮፕላኖች በካይሮ ሰማይ ላይ ሲያንዣብቡ የታየው ለጌጥ አልነበረም፤ ሕዝቡ ሥልጣኑ በማን እጅ እንዳለ እንዲያውቅ፣ በስዌዝ ቦይ አካባቢ የሰፈረውም የእንግሊዝ ጦር ቢንቀሳቀስ እንቅስቃሴው እንዳይሰወር ነበር። ከሦስት ቀን በኋላ፣ በጁላይ 26፣ ንጉሥ ፋሩቅ በመርከባቸው ከእስክንድርያ ተነሥተው ወደ ስደት ሄዱ። ቦግዳዲ ያን ጊዜ ገና 35 ዓመት አልሞላቸውም።

ከዚያ በኋላ ያሉት ዓመታት የሹመት ዓመታት ናቸው። በጁን 1953 ሪፐብሊክ ሲታወጅ ቦግዳዲ የጦር ሚኒስትር ሆኑ። በዚያኑ ጊዜ የናስር የቅርብ ወዳጅ የነበሩት አብደል ሐኪም አሜር ከሻለቅነት በአንድ ጊዜ ወደ ሜጀር ጄኔራልነት ከፍ ተደርገው የጦር ኃይሎች ጠቅላይ አዛዥ ተባሉ። ጄኔራል ሙሐመድ ነጊብ ይህን ሹመት የተቀበሉት ሳይወዱ ነው። ወዳጅነት ከሙያ ችሎታ በላይ የተመዘነበት ይህ ሹመት ያስከተለው ዕዳ የተከፈለው ከ14 ዓመት በኋላ ስለሆነ፣ አንባቢ በልቡ እንዲይዘው ያስፈልጋል።

በዚያው ዓመት በሴፕቴምበር የአብዮት ፍርድ ቤት የተባለው ልዩ ችሎት ተቋቋመ። ሰብሳቢው ቦግዳዲ፣ አባሎቹም ሳዳትና ሐሰን ኢብራሂም ነበሩ። ሦስቱ መኮንኖች በቀድሞው ሥርዓት ሹማምንት ላይ ፍርድ ሰጡ፤ ለፍርዱም ይግባኝ አልነበረውም። የቀድሞው ጠቅላይ ሚኒስትር ኢብራሂም አብደል ሃዲ ሞት ተፈርዶባቸው ኋላ ወደ ዕድሜ ልክ እስራት ተለወጠላቸው። የዋፍድ ፓርቲ ዋና ጸሐፊ የነበሩት ፉአድ ሴራግ አል ዲን ደግሞ 15 ዓመት ተፈረደባቸው። የቦግዳዲን ሕይወት በሚዛን የሚያይ ሰው ይህን ምዕራፍ ሊያልፈው አይችልም። የሕግ ትምህርት የሌላቸው መኮንኖች ከሳሽም ዳኛም ሆነው ሲቀመጡ፣ ፍርድ የፖለቲካ መሣሪያ ይሆናል። ጠላትን ያለ ይግባኝ የመዳኘት ልማድ የገባበት መንግሥት፣ ወዳጅን የሚዳኝበት ሥርዓት ግን ሳያበጅ ቀረ።

በ1954 ቦግዳዲ የማዘጋጃ ቤቶችና የገጠር ጉዳይ ሚኒስትር ሆነው ተዛወሩ። ብዙዎቹ የካይሮ ነዋሪዎች የሚያስታውሷቸው በዚህ ሥራቸው ነው። በዓባይ ወንዝ ዳር ያለው መሬት እስከዚያ ጊዜ ድረስ በባለጸጎች ቤቶችና በኤምባሲዎች አጥር ተይዞ፣ የከተማው ሕዝብ ወንዙን በግልጽ የሚያይበት ስፍራ ጥቂት ነበር። ቦግዳዲ ኮርኒሽ የተባለውን የወንዝ ዳር ጎዳና አስወጡ። ጎዳናው እስከ ወንዙ ይደርስ የነበረውን የእንግሊዝ ኤምባሲ አትክልት ቦታ ጭምር ቆርጦ አለፈ። ከአሥራ ሁለት ዓመት በፊት ቤተ መንግሥቱን በታንክ ያስከበበው ኤምባሲ የወንዝ ዳር ሜዳውን ለሕዝብ መሄጃ መልቀቁ፣ ለካይሮ ሰው ከብዙ የፖለቲካ ንግግር ይልቅ የሚጨበጥ ለውጥ ነበር። ሥራው በአስቸኳይ የተካሄደ፣ ባለይዞታዎችንም ብዙ ያላማከረ ቢሆንም፣ ቦግዳዲ የያዙትን ሥራ ቆጥረው የሚፈጽሙ ሰው መሆናቸው ተመሰከረበት።

የ1956 ጦርነት የመጣው በዚህ መካከል ነው። ግብፅ በ1955 በቼኮዝሎቫኪያ በኩል የሶቪየት ሚግ 15 ተዋጊዎችንና ኢሊዩሺን 28 ቦምብ ጣዮችን መግዛት ጀምራ ነበር፤ ይሁንና አብራሪዎቹና መካኒኮቹ ገና በቅጡ አልሠለጠኑም ነበር። ናስር በጁላይ 26 የስዌዝን ቦይ የግብፅ ሀብት ካደረጉ በኋላ፣ በኦክቶበር 29 እስራኤል በሲና ገባች። በኦክቶበር 31 ምሽት ደግሞ የእንግሊዝና የፈረንሳይ አይሮፕላኖች የግብፅን የአየር ሜዳዎች መደብደብ ጀመሩ። ናስር አብራሪዎቹ ከማይመጣጠን ኃይል ጋር ገጥመው እንዳያልቁ አዘዙ፤ አይሮፕላን በገንዘብ ይገዛል፣ አብራሪ ግን በዓመታት ይሠራልና። ከዚህም የተነሣ በጥቂት ቀናት ውስጥ የአየር ኃይሉ አብዛኛው ክፍል በመሬት ላይ እንዳለ ወደመ።

ቦግዳዲ በእነዚያ ቀናት ከናስር አልተለዩም። ናስር ወደ ቦዩ አካባቢ ሲወርዱ አብረው ተጉዘው በመንገዱ ዳር የተቃጠሉትን የጦር መኪናዎች አይተዋል። ዕለት ዕለት የሚሆነውን በማስታወሻቸው ይመዘግቡ ስለነበር፣ በጠቅላይ መምሪያው ውስጥ የታየውን መወላወልና የአሜርን መሸበር ለኋላ ትውልድ አቆይተዋል። ጦርነቱ በአሜሪካና በሶቪየት ኅብረት ተጽዕኖ ቆሞ የእንግሊዝና የፈረንሳይ ጦር በዲሴምበር ሲወጣ፣ ግብፅ በጦር ሜዳ ያጣችውን በፖለቲካ አገኘች። ቦግዳዲም በቦምብ የፈራረሰውን ፖርት ሰዒድን መልሶ የማሠራት ኃላፊነት ተሰጣቸው።

የታሪኩ መዞሪያ እዚህ ላይ ነው። የፖለቲካው ድል የጦሩን ጉድለት ሸፈነው። ናስር የአየር ኃይሉ አዛዥ ሲድቂ ማሕሙድ ከሥፍራቸው እንዲነሡ ፈልገው ነበር፤ አሜር ግን የእኔን ሰዎች አላስነካም በማለት ጸኑ፣ ናስርም ወዳጃቸውን ላለማስቀየም ተዉት። አይሮፕላኖቹ ለምን በሜዳ ላይ ተደርድረው ተገኙ፣ መጠለያ ለምን አልተሠራም፣ ማስጠንቀቂያው ለምን ዘገየ የሚሉት ጥያቄዎች ተገቢውን ምርመራ ሳያገኙ ተዘጉ። ስብርባሪው ተነሣ፤ ምክንያቱ ግን ባለበት ቀረ።

በጁላይ 1957 በአዲሱ ሕገ መንግሥት መሠረት 350 መቀመጫ ያለው ብሔራዊ ምክር ቤት ሲከፈት ቦግዳዲ አፈ ጉባኤ ሆነው ተመረጡ። ምክር ቤቱ በግብፅ ታሪክ ለመጀመሪያ ጊዜ ሴቶች የተመረጡበት ነው። እጩዎቹ አስቀድመው በመንግሥት የተጣሩ ቢሆኑም አባሎቹ እንደ ታሰበው ዝም ብለው አልተቀመጡም። በበረሃ ላይ በብዙ ገንዘብ ይካሄድ የነበረውን የተሕሪር አውራጃ የእርሻ ሥራ መርምረው ወጪውን ነቀፉ፤ የሥራው ኃላፊ የነበሩት መኮንንም ከቦታቸው ተነሡ። ይህ ምክር ቤት በሕይወት ቢቆይ ኖሮ የጦሩንም ጉዳይ አንድ ቀን መጠየቁ ባልቀረ ነበር። ይሁንና በፌብሩዋሪ 1958 ግብፅና ሶርያ ሲዋሐዱ የአንድ ዓመት ዕድሜ ሳይሞላው ተበተነ።

በተባበረችው የዓረብ ሪፐብሊክ ቦግዳዲ ከአራቱ ምክትል ፕሬዚዳንቶች አንዱ ሆኑ፤ የፕላን ሥራም በእጃቸው ገባ። ከ1960 እስከ 1965 የተወሰነው የመጀመሪያው የአምስት ዓመት ፕላን የተዘጋጀው፣ የአስዋን ከፍተኛ ግድብ ሥራም የተጀመረው በዚህ ዘመን ነው። ለግድቡ መንገድ የጠረገው የ1959 የዓባይ ውሃ ስምምነት በግብፅና በሱዳን መካከል ብቻ የተደረገ ሲሆን፣ ከወንዙ ውሃ አብዛኛውን የምታመነጨው ኢትዮጵያ አልተጠየቀችም። ይህ የካይሮ ፕላን አውጪዎች ሁሉ የጋራ አመለካከት ስለ ነበረ ቦግዳዲም ከዚያ የተለዩ አልነበሩም።

በሴፕቴምበር 1961 ሶርያ ተገነጠለች። ከመገንጠሉ በስተኋላ ናስር ሥልጣኑን በጋራ ለመምራት በማሰብ በ1962 የፕሬዚዳንት ምክር ቤት አቋቋሙ፤ ቦግዳዲም አባል ሆኑ። ለዚህ ምክር ቤት ከቀረቡት ጉዳዮች ትልቁ፣ የከፍተኛ የጦር አዛዦች ሹመት ከአሜር እጅ ወጥቶ በምክር ቤቱ እንዲጸድቅ የሚለው ነበር። ሐሳቡ ቀላል ይመስላል፤ የጦር አዛዥን የሚሾምና የሚሽር የአገሪቱ መንግሥት እንጂ አንድ ግለሰብ እንዳይሆን ነው። አሜር ግን ሥልጣናቸውን እንደሚለቁ አስታውቀው ከካይሮ ራቁ። ጦሩ እንዳይነሣ የፈሩት ናስርም ወደ ኋላ ተመለሱ። ቦግዳዲና ጓደኞቻቸው የምክር ቤት አባልነታቸው ከስም ያላለፈ መሆኑን የተረዱት ያን ጊዜ ነው።

በዚያው ወራት በየመን መፈንቅለ መንግሥት ተደርጎ ግብፅ ሪፐብሊኩን ለመደገፍ ጦር ላከች። በጥቂት መቶ ሰው የተጀመረው ዘመቻ ኋላ ከ50000 ሰው በላይ አሠለፈ። ቦግዳዲ የየመንን ዘመቻ መስፋፋት፣ በሶቪየት ኅብረት ላይ መደገፍ መብዛቱንና አገሪቱ በአንድ ሰው ውሳኔ መመራቷን ተቃወሙ። በማርች 1964ም ሥራቸውን ለቀቁ። በወቅቱ 46 ዓመታቸው ነበር፤ ለአንድ የመንግሥት ሰው ገና የብርታት ዘመን ነው። ጦር አላስነሡም፣ አድማም አላደራጁም፤ ቤታቸው ገቡ።

በጁን 5 ቀን 1967 ጠዋት የእስራኤል አይሮፕላኖች በባሕር ላይ ዝቅ ብለው በመምጣት የግብፅን የአየር ሜዳዎች መቱ። በዚያች ሰዓት አሜርና ሲድቂ ማሕሙድ ሲና ያለውን ጦር ለመጎብኘት በአየር ላይ ነበሩ፤ አይሮፕላናቸው እንዳይመታም የአየር መቃወሚያው እንዳይተኩስ ታዝዞ ነበር። አይሮፕላኖቹ እንደ 1956ቱ ሁሉ ያለ መጠለያ በሜዳ ላይ ተደርድረው ነበር። በመጀመሪያው ቀን ወደ 300 የሚጠጉ አይሮፕላኖች ጠፉ፤ ጦርነቱም በስድስት ቀን አለቀ። ቦግዳዲ ከሥልጣን ርቀው ሳለ ከቀድሞ ጓደኞቻቸው ጋር እርዳታቸውን ለማቅረብ ወደ ጠቅላይ መምሪያው ሄዱ። በዚያም ያገኙት ከ11 ዓመት በፊት ያዩትን መሸበር ነው፤ ሰዎቹም እነዚያው፣ አዛዡም ያው ነበሩ።

አሜር በሴፕቴምበር 1967 ሞቱ። ሲድቂ ማሕሙድ በጦር ፍርድ ቤት ቀርበው በፌብሩዋሪ 1968 የ15 ዓመት እስራት ሲፈረድባቸው፣ ቅጣቱ ያነሰ የመሰላቸው የሔልዋን ሠራተኞችና የካይሮና የእስክንድርያ ተማሪዎች አደባባይ ወጡ፤ መንግሥትም ጉዳዩ እንደገና እንዲታይ አዘዘ። ሕዝቡ የጠየቀው በ1956 መጠየቅ የነበረበትን ጥያቄ ነው። ነገር ግን በጊዜው ያልተደረገ ምርመራ ከጥፋት በኋላ ሲመጣ ቁጣን ያበርድ እንደሆነ እንጂ የሞተን አያስነሣም፤ የአንድ አዛዥ ቅጣትም ያንን አዛዥ በሥፍራው ያቆየውን አሠራር አይሽርም።

ናስር በሴፕቴምበር 1970 ካረፉ በኋላ ሥልጣኑን የያዙት ከቦግዳዲ ጋር በአየር ኃይሉ የምሥጢር ቡድን፣ ኋላም በፍርድ ችሎቱ ላይ አብረው የተቀመጡት ሳዳት ናቸው። በ1972 ቦግዳዲና ሌሎች የቀድሞ ባለሥልጣኖች አገሪቱ በሶቪየት ኅብረት ላይ ያላት ጥገኝነት እንዲቀነስ የሚጠይቅ ማስታወሻ ለሳዳት አቀረቡ። ሳዳት በዚያው ዓመት በጁላይ የሶቪየትን የጦር አማካሪዎች አስወጡ። ቦግዳዲ ግን ወደ ሹመት አልተመለሱም። በ1977 ትዝታቸውን በሁለት ቅጽ አሳተሙ። የመጽሐፉ ዋጋ ደራሲው በየዕለቱ ከጻፉት ማስታወሻ የተነሣ መሆኑ ነው፤ በስዌዝ ጦርነት ጊዜና በ1962ቱ ክርክር በዝግ ቤት የሆነውን የታሪክ ጸሐፊዎች ዛሬም ከዚያ ይቀዳሉ። ቦግዳዲ በጃንዋሪ 9 ቀን 1999 በካይሮ ዐረፉ።

በዚህ ሰው ላይ ፍርድ መስጠት ቀላል አይደለም። የሠሩት ጎዳና የሕዝብ መተላለፊያ ሆኖ ቀርቷል፤ የሰጡት የፖለቲካ ፍርድ ግን በታሪካቸው ላይ ጥላ ጥሏል። ሥልጣንን በፈቃዳቸው መልቀቃቸው በዘመናቸው ጥቂቶች ያደረጉት ነው። ይሁንና የለቀቁት ጉድለቱ ሥር ከሰደደ በኋላ ነው። የጦሩን ሹመት የሚቆጣጠር ሕጋዊ አካል እንዲኖር የተሟገቱት በ1962 ሲሆን፣ ተገቢው ጊዜ ግን ሕጉ ገና ሲጻፍ፣ አሜር አራት ማዕረግ ዘልለው ሲሾሙ፣ ቦግዳዲም ራሳቸው የጦር ሚኒስትር ሳሉ በ1953 ነበር። ያን ጊዜ ሁሉም ወዳጆች ስለ ነበሩ ሕግ የሚያስፈልግ አልመሰላቸውም።

ለእኛ ለሙያው ሰዎች የዚህ ሕይወት ትምህርት ከግብፅ ፖለቲካ በላይ ነው። በ1956 የወደሙትን አይሮፕላኖች በሌሎች መተካት ተችሏል፤ በ1967 የወደሙትም እንደዚሁ ተተክተዋል። ያልተተካው በመካከላቸው ያለፈው 11 ዓመት ነው። በእነዚያ ዓመታት ውስጥ ጉድለቱን የሚያውቁ መኮንኖች፣ መሐንዲሶችና አብራሪዎች አልጠፉም ነበር፤ የጠፋው ያወቁትን በግልጽ የሚናገሩበትና የተናገሩትም አዛዥን ከሥፍራው እስከ ማንሣት የሚደርስበት ሥርዓት ነው። ቦግዳዲ ያዩትን በማስታወሻቸው ጽፈው አኖሩት፤ ጽሑፉ በታተመ ጊዜ ግን በሲና በረሃ የቀሩት ሰዎች አሥር ዓመት አልፏቸው ነበር።